አፉ ቱርክኛ፣ ድምፁ አማርኛ፦ ዳቢንግ እንዴት ይሠራል?

አሬሮ ከተማ ውስጥ ማታ ማታ ሰው የሚሰበሰብበት አንድ ሻይ ቤት አለ። ግድግዳው ላይ ከፍ ብሎ የተሰቀለ ቴሌቪዥን፣ ጣሪያው ላይ ዲሽ፣ አግዳሚው ላይ ተጠጋግቶ የተቀመጠ ሰው። ባለፈው ዓመት ቤተሰብ ልጠይቅ ስሄድ የሻይ ቤቱ ባለቤት፣ ሁላችንም «አዴ» የምንላቸው እናት፣ አዲስ ስፒከር ገዝተው ነበር። ገመድ የለውም፤ በብሉቱዝ ነው የሚሠራው፤ ድምፁ መንገድ ድረስ ይሰማል። የቱርኩ ድራማ ጀመረ። አምስት ደቂቃ ሳይሞላ ማጉረምረም መጣ። «ይሄ ትርጉም ተበላሽቷል እንዴ?» አለ አንዱ። «ሰውዬው አፉን ከዘጋ በኋላ ነው እኮ የሚያወራው!» አሉ አንድ ሽማግሌ። ከዚያ በኋላ ቤቱ በሙሉ አዲስ አበባ ያሉትን የድምፅ ተዋንያን ይወቅስ ጀመር።

ምህንድስና የተማረ ሰው ክፉ አመል አለበት፤ ሰው ድራማ ሲያይ እሱ ዕቃውን ያያል። እኔም ስፒከሩን አየሁና ጠረጠርኩ። የተዋንያኑ ጥፋት አልነበረም። የማን እንደነበር ወደ መጨረሻው እነግራችኋለሁ፤ እናንተም እያነበባችሁ ለመገመት ሞክሩ።

መጀመሪያ ነገሩን እንወቀው። ዳቢንግ ማለት የአንድን ፊልም ንግግር አውጥቶ በሌላ ቋንቋ በተቀረጸ ንግግር መተካት ነው። ምስሉ እንዳለ ይቀራል። በእኛ አገር ይህን ሥራ ቤት ለቤት ያስገባው ቃና ቴሌቪዥን ነው፤ በ2008 ዓ.ም. (በአውሮፓውያን አቆጣጠር 2016) ሥራ ጀምሮ የውጭ አገር ድራማዎችን በአማርኛ ድምፅ ማቅረብ ያዘ። ከመሥራቾቹ አንዱ «ድፍረት» የተባለውን ፊልም ያዘጋጀው ዘረሰናይ ብርሃነ ነው። «ኩዚ ጉኒ»ን የማያስታውስ አለ? በነገራችን ላይ፣ ኩዚና ጉኒ የሁለት ወንድማማቾች ስም ነው፤ በቱርክኛ የአንደኛው ስም «ሰሜን»፣ የሁለተኛው «ደቡብ» ማለት ነው። የባሕርይ ልዩነታቸው ገና ከስማቸው ይጀምራል። ያንን ግን በአማርኛ ድምፅ የሰማ ሰው አያገኘውም፤ ስም አይተረጎምምና። የትርጉም ሥራ እንዲህ ነው፤ አንድ ነገር ሲያሻግር ሌላውን ወንዙ ማዶ ይተዋል።

ዓይንም ይሰማል

አሁን መስታወት ፊት ቁሙ። ድምፅ ሳታወጡ በከንፈራችሁ ብቻ «በራ» በሉ። ቀጥሎ «መራ» በሉ። ልዩነት አያችሁ? የለም። በ፣ መ፣ ፐ እና ጰ ሁሉም ሁለቱን ከንፈሮች ገጥመን የምናወጣቸው ድምፆች ስለሆኑ ከውጭ ለሚያይ ሰው አንድ ናቸው። «ደራ»፣ «ተራ» እና «ጠራ»ም እንደዚሁ፤ ሥራው የሚሠራው አፍ ውስጥ በምላስ ስለሆነ ዓይን አይለያቸውም። ለዳቢንግ ባለሙያ ይህ ትልቅ ዕድል ነው። ቃሉን መግጠም አይጠበቅበትም፤ የከንፈሩን ቅርጽ መግጠም ይበቃዋል። ቱርኩ ከንፈሩን ሲገጥም አማርኛውም በ ወይም መ ወይም ፐ ካለው፣ ተመልካቹ «እሱ ነው ያለው» ብሎ ያምናል።

ለምን ያምናል? አእምሯችን ንግግርን በጆሮ ብቻ ስለማይሰማ ነው። በ1976 እንግሊዝ አገር ሃሪ መገርክና ጆን ማክዶናልድ የተባሉ ሁለት የሥነ ልቦና ተመራማሪዎች አንድ ቀላል ነገር ሞከሩ። «ጋ» የምትል ሴት ምስል ላይ «ባ» የሚል ድምፅ ለጠፉ። አብዛኛው ተመልካች የሰማው ባም ጋም አልነበረም። «ዳ» ነው የሰማው። ዓይኑን ሲጨፍን ደግሞ በትክክል «ባ»ን ይሰማል። አእምሮ ከዓይንና ከጆሮ የመጡትን ሁለት ምስክሮች አስታርቆ፣ ሁለቱም ያልተናገሩትን ሦስተኛ ነገር ፈረደ ማለት ነው። ይህ ክስተት ዛሬ የመገርክ ውጤት ይባላል። ስታውቁትም አይለቃችሁም፤ እኔ ስንት ጊዜ አይቼው አሁንም «ዳ» ነው የምሰማው።

ከዚህ የሚገርመው አቅጣጫ ላይ የሚሆነው ነው። ሻይ ቤቱ ውስጥ ስፒከሩ ያለው በሩ አጠገብ፣ ቴሌቪዥኑ ደግሞ ጓዳው በኩል ነው። ግን ድምፁ ከተዋናዩ አፍ የሚወጣ ይመስላል። አእምሮ ድምፁን ጎትቶ ከሚንቀሳቀስ ከንፈር ላይ ያስቀምጠዋል። አሻንጉሊት ይዘው «አሻንጉሊቱ ነው የሚያወራው» የሚያስብሉ ትርዒተኞች እንጀራቸውን የሚበሉት በዚህ ነው። ዳቢንግም የቆመው በዚሁ ላይ ነው።

ስንት ሰከንድ ነው መዘግየት?

አእምሮ ይታረቃል ስል ግን ወሰን አለው። ቴሌቪዥን በሰከንድ 25 ምስል ያሳያል ብለን እናስብ፤ ስለዚህ አንዱ ምስል 40 ሚሊሰከንድ ይቆያል። ዓለም አቀፉ የቴሌኮሙኒኬሽን ኅብረት በ1998 ባወጣው ምክረ ሐሳብ መሠረት፣ ድምፁ ከምስሉ 45 ሚሊሰከንድ ከቀደመ ሰው ያስተውለዋል። ድምፁ ወደ ኋላ ከቀረ ግን እስከ 125 ሚሊሰከንድ ድረስ አያስተውልም። ልብ በሉ፤ ሁለቱ ቁጥሮች እኩል አይደሉም። መቅደምን በቶሎ እንይዛለን፤ መዘግየትን እንታገሣለን።

ምክንያቱን ለማግኘት ወደ ሜዳ ውጡ። 340 ሜትር ያህል ርቆ እንጨት የሚፈልጥ ሰው ተመልከቱ። መጥረቢያው ሲያርፍ ታያላችሁ፤ ድምፁ የሚደርሳችሁ ግን ከአንድ ሰከንድ ገደማ በኋላ ነው፤ ድምፅ በአየር ውስጥ በሰከንድ 340 ሜትር ያህል ስለሚጓዝ። ብርሃን ግን ወዲያው ይደርሳል። በተፈጥሮ ውስጥ ድምፅ ሁልጊዜ ከምስሉ ኋላ ነው እንጂ ፊት ሆኖ አያውቅም። ከሕፃንነታችን ጀምሮ ያየነው ይህንኑ ስለሆነ የዘገየ ድምፅ አያስደነግጠንም፤ የቀደመ ድምፅ ግን እንግዳ ነው። ልምድ ያላቸው የዳቢንግ ዳይሬክተሮችም ይህን ያውቁታል፤ በትክክል መግጠም ካልቻሉ ድምፁን ትንሽ ማዘግየት ይመርጣሉ።

ተዋናዩስ እንዴት በትክክለኛው ቅጽበት ይጀምራል? ስቱዲዮ ውስጥ የጆሮ ማዳመጫ አድርጎ ምስሉን እያየ ይቆማል። ንግግሩ ከመጀመሩ በፊት ሦስት አጫጭር «ቢፕ» ይሰማል፤ እኩል ርቀት ያላቸው። አራተኛው ቢፕ የለም። አራተኛው መምጣት በነበረበት ቅጽበት ተዋናዩ ይናገራል።

የቦረና ልጆች ይህን ከማንም ቀድማችሁ ታውቁታላችሁ። የቱላ ጉድጓዶችን አስቡ። አንዳንዶቹ እስከ 30 ሜትር ይጠልቃሉ። ወጣቶች ከታች እስከ ላይ ተደርድረው ውኃውን በባልዲ እየተቀባበሉ ያወጣሉ፤ እየዘፈኑ። ዘፈኑ ድካም ማስረሻ ብቻ አይደለም። ምቱ ባልዲው መቼ እንደሚመጣ ለእጅ አስቀድሞ ይነግረዋል። እጅ ባልዲውን አይቶ ቢነሳማ ዘግይቷል። የስቱዲዮው ቢፕና የጉድጓዱ ዜማ የሚሠሩት አንድ ሥራ ነው፦ ሰው ነገሩ ሲደርስ እንዲነሳ ሳይሆን ከመድረሱ በፊት እንዲዘጋጅ።

ቱርክኛ ለምን ቀለለን?

የቱርክ ድራማ በአማርኛ ሲመጣ ከእንግሊዝኛው ፊልም ይልቅ የሚገጥም የሚመስለው ለምንድን ነው ብላችሁ ጠይቃችሁ ታውቃላችሁ? አንዱ ምክንያት ሰዋስው ነው ብዬ አስባለሁ። አማርኛ ግሱን ዓረፍተ ነገሩ መጨረሻ ላይ ያስቀምጣል። ቱርክኛም እንደዚያው። ኦሮምኛም እንደዚያው። እንግሊዝኛ ግን ግሱን መሀል ላይ ያመጣል። ተዋናይ «ገዳዩ ወንድምህ ነው» ሲል የሚከብደው ቃል የት ላይ እንደሚወድቅ አስቡ፤ ፊቱ የሚለወጠው፣ ዓይኑ የሚፈጠው እዚያ ቃል ላይ ነው። የሁለቱ ቋንቋዎች ቅደም ተከተል ከተመሳሰለ ከባዱ ቃልና ከባዱ ፊት አብረው ይወድቃሉ። ካልተመሳሰለ ግን ፊቱ ደንግጦ ከጨረሰ በኋላ ነው ወሬው የሚሰማው።

ሌላም አለ። ቱርክኛም አማርኛም አንድ ቃል ላይ ብዙ ነገር ይለጥፋሉ። «እወድሻለሁ» በአንድ ቃል ውስጥ ወዳጁንም፣ ተወዳጇንም፣ ድርጊቱንም ይዟል። ቱርኮች «ሴኒ ሴቪዮሩም» ይላሉ፤ ርዝመቱ ከእኛው ብዙም አይርቅም። በኦሮምኛ «ሲ ጃለዻ»፤ አጠር ስለሚል ተዋናዩ ጎተት ማድረግ አለበት።

ግን አሁን የኛን ቃል ውስጥ እዩት። «ሻ» አለች። ሴት ናት ትላለች። ቱርክኛው ጾታ አይለይም! አንተና አንቺ የሚባል ነገር የለውም፤ እሱና እሷም በአንድ ቃል ነው የሚጠሩት። አንድ ሰው ስልክ አንስቶ «ገል» ቢል አማርኛው «ና» ነው ወይስ «ነይ»? ደራሲው ደዋዩ ማን እንደሆነ እስከ ሦስተኛው ክፍል ሊደብቅ ፈልጎ ከሆነ፣ ተርጓሚው በአንዲት ፊደል ምሥጢሩን ሊያወጣበት ነው። «እርስዎ ይምጡ» ብሎ ማምለጥ ይቻላል፤ ግን ፍቅረኛውን «እርስዎ» የሚል ሰው ያስቃል። «መምጣት ይቻላል» ቢባል ደግሞ የቢሮ ማስታወቂያ ይሆናል። እንግዲህ ሥራው ይህ ነው። የትርጉም ጽሑፉን ከከንፈር ጋር የሚያስማማው ሰው ቀኑን ሙሉ ከእንዲህ ዓይነት ቃላት ጋር ሲታገል ይውላል።

እስቲ እናንተም ሞክሩት። ቱርኮች ለአባት «ባባ» ይላሉ፤ እኛ «አባባ» ስንል ከንፈሩ በደንብ ይገጥማል። «ሃዪር» እንቢታ ነው፤ «አይ» ብንል አፉ ይስማማል። «ኤቬት» አዎንታ ነው፤ «አዎ» ላይ ከንፈር ስለሚሾል ከሩቅ ያልፋል። ለእናት ግን «አንኔ» ይላሉ፤ ከንፈር አይገጥምም፤ የእኛ «እማዬ» ደግሞ መ አለባት። የከፋችው «ታማም» ናት። «እሺ» ማለት ነው፤ ቱርኮች በየደቂቃው ይሏታል። ታማም ላይ ከንፈር ሁለት ጊዜ ይገጥማል፤ እሺ ላይ አንድም ጊዜ አይገጥምም። «ገባኝ» ቢባል አንዴ ይገጥማል። «ተስማማን» ቢባል ሁለት ጊዜ ይገጥማል፤ ግን እናቱ «ዳቦ ገዝተህ ና» ስትለው «ተስማማን» የሚል ልጅ የትኛው አገር ነው ያለው? ፊቱ ከሩቅ ወይም ከጎን ከተቀረጸ በቃ «እሺ» ይባላል፤ ማንም አያይም። ፊቱ በቅርብ ስክሪኑን ከሞላው ነው ጭንቀቱ።

ሳጥን ውስጥ ያለ ድምፅ

አንዳንድ ጊዜ ቃሉም ከንፈሩም ገጥሞ «የሆነ ነገር ልክ አይደለም» ትላላችሁ። ተዋናዩ ሜዳ ላይ ቆሞ እየጮኸ ድምፁ ግን ቁም ሳጥን ውስጥ እንዳለ ይሰማል። ይህ የቋንቋ ሳይሆን የፊዚክስ ጉዳይ ነው፤ ለእኔም በጣም የሚጥመኝ ክፍል።

ክፍል ውስጥ ስትናገሩ ድምፃችሁ ቀጥታ ብቻ አይደለም የሚደርሰው፤ ግድግዳውን፣ ጣሪያውን፣ ጠረጴዛውን እየነካ ተመልሶ ይመጣል። ጆሮ ከእነዚያ ምላሾች ክፍሉ ቆርቆሮ ይሁን ጭቃ፣ ሰፊ ይሁን ጠባብ ያውቃል። የዳቢንግ ስቱዲዮ ግን ምላሽ እንዳይኖረው ተደርጎ ነው የሚሠራው፤ ለምን ቢባል፣ ደረቅ ድምፅ ላይ ክፍሉን በኮምፒውተር መጨመር ይቻላል፤ የተቀረጸን ክፍል ከድምፁ ላይ ማንሳት ግን ቡና ውስጥ የገባ ስኳር እንደመመለስ ነው። ስለዚህ ድምፅ አቀናባሪው ለሜዳው ሜዳ፣ ለመታጠቢያ ቤቱ መታጠቢያ ቤት እየሰጠ ይሄዳል። ጊዜ ሲያጥረው ወይም ሲሰለቸው ነው ሁሉም ሰው ሳጥን ውስጥ የሚገባው።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ልናገር፤ ካልተናገርኩ አያስቻለኝም። ድምፅ ለመከላከል ግድግዳ ላይ የእንቁላል መያዣ ካርቶን የምትለጥፉ ሰዎች፣ እባካችሁ ተዉት! የ100 ኸርዝ ድምፅ፣ ማለትም የአንድ ወፍራም ድምፅ ያለው ወንድ መነሻ ድምፅ፣ የሞገዱ ርዝመት 3.4 ሜትር ነው (340 ሲካፈል ለ100)። የሦስት ሜትር ሞገድ ሁለት ሴንቲ ሜትር ካርቶን መኖሩንም አያውቅም። ካርቶኑ የሚነካካው ቀጫጭኑን ድምፅ ብቻ ስለሆነ የቀረው ንግግር የታፈነ ይሆናል። ቤታችሁ ለመቅረጽ ከፈለጋችሁ ወፍራም ብርድ ልብስና ልብስ የሞላ ቁም ሳጥን ይሻላችኋል።

ማይክራፎኑም ድርሻ አለው። ከአንድ አቅጣጫ ብቻ የሚሰማ ማይክ በጣም ሲቀርቡት ወፍራሙን ድምፅ ያጎላል። የሬዲዮ ጋዜጠኞች ይወዱታል፤ ድምፃቸው ይከብዳል። በድራማ ግን ከመንገድ ማዶ የሚጣራ ሰው ጆሯችሁ ሥር የሚያንሾካሹክ ይመስላል። ደግሞም የመጀመሪያው ንግግር ሲወጣ አብሮት የተቀረጸው ኮቴ፣ የበር ድምፅ፣ የብርጭቆ ድምፅ ሁሉ ይወጣል። ለዚህ ነው ፊልም ሻጮች ሙዚቃና የአካባቢ ድምፅ ብቻ ያለበትን ቅጂ ለብቻው የሚሰጡት። እሱ ከሌለ አንድ ሰው ጫማ አድርጎ ስቱዲዮ ውስጥ መራመድ አለበት።

ሁለት ፊት፣ አንድ ድምፅ

ዳቢንግን እንደ ትልቅ ሙያ ያሳደገችው አገር ጣሊያን ናት ቢባል ማጋነን አይደለም። አጀማመሩ ግን ከጥበብ ይልቅ ከፖለቲካ ነው። በ1930 የፋሺስቱ መንግሥት በውጭ ቋንቋ የሚነገር ፊልም በጣሊያን እንዳይታይ ከለከለ። በ1933 ደግሞ የውጭ ፊልም ወደ ጣሊያንኛ መመለስ ያለበት እዚያው ጣሊያን ውስጥ ነው የሚል ሕግ ወጣ። ፋሺስቱ ወደቀ፤ ሙያው ግን ቀረ። እንዲያውም የጣሊያን ፊልም ሠሪዎች የራሳቸውን ፊልም ጭምር ያለ ድምፅ እየቀረጹ በኋላ ድምፅ ያስገቡለት ነበር፤ ዝነኛው ዳይሬክተር ፌዴሪኮ ፌሊኒ ተዋንያኑን «ዝም ብላችሁ ቁጥር ቁጠሩ» ይላቸው ነበር፤ ንግግሩ በኋላ ይገባል።

ከዚህ ሙያ ሰዎች አንዱን ላስተዋውቃችሁ። ፌሩቾ አሜንዶላ በ1930 ቱሪን ተወለደ፤ በ2001 ሮም ውስጥ ሞተ። ፊቱ ሳይሆን ድምፁ ነው አገሩን ያወቀው። ሮበርት ዲኒሮ፣ አል ፓቺኖ፣ ደስቲን ሆፍማን፣ ከሁለተኛው «ሮኪ» ጀምሮ ደግሞ ሲልቨስተር ስታሎን፤ ጣሊያናውያን እነዚህን ሁሉ ለዓመታት የሰሟቸው በዋነኛነት በእሱ ድምፅ ነው። አራት የተለያዩ አሜሪካውያን፣ አንድ ጉሮሮ።

በ1995 ችግር መጣ። «ሂት» በተባለው ፊልም ዲኒሮና ፓቺኖ ካፌ ውስጥ ፊት ለፊት ተቀምጠው ያወራሉ። አንዱ ፖሊስ፣ አንዱ ሌባ። አሜንዶላ ሁለቱንም ቢናገር ሰውዬው ከራሱ ጋር ቡና እየጠጣ ነው። ስለዚህ አሜንዶላ ዲኒሮን ያዘ፤ ፓቺኖ ለጃንካርሎ ጃኒኒ ተሰጠ።  እንግዲህ «የሰው ማንነት ድምፁ ነው ወይስ ፊቱ?» የሚለው የፍልስፍና ጥያቄ እንዲህ ሆኖ ስቱዲዮ ይገባል፤ መልስ የሚሰጠውም የዳቢንግ ዳይሬክተሩ ነው፤ ለዚያውም የመቅረጫው ቀን ሳያልፍ።

እኛ ጋ የዚህ ተቃራኒ የሆነ ሰው ነበረን። ተዋናዩ ወጋየሁ ንጋቱ የሐዲስ ዓለማየሁን «ፍቅር እስከ መቃብር» በኢትዮጵያ ሬዲዮ ሲተርክ ምስል የሚባል ነገር አልነበረም። ጉዱ ካሳም፣ በዛብህም፣ ሰብለ ወንጌልም፣ ፊታውራሪ መሸሻም ከእሱ አፍ ነው የወጡት። አሜንዶላ ብዙ ፊት ላይ አንድ ድምፅ አኖረ፤ ወጋየሁ ከአንድ ድምፅ ብዙ ፊት አወጣ። ያልታየ ሰው በድምፅ ብቻ ሲታይ ማለት ነው።

አንድ ሰው ይህን እንዴት ያደርጋል? ጉሮሯችን ውስጥ የድምፅ ጅማቶች አሉ፤ በአዋቂ ወንድ በሰከንድ ከ85 እስከ 180 ጊዜ ገደማ፣ በሴት ከ165 እስከ 255 ገደማ ይርገበገባሉ። ይህ መነሻው ነው። ከዚያ ድምፁ ከጉሮሮ እስከ ከንፈር ባለው ቱቦ ውስጥ ያልፋል፤ በወንድ 17 ሴንቲ ሜትር ያህል ነው። በአንድ በኩል የተዘጋ የ17 ሴንቲ ሜትር ቱቦ መጀመሪያ የሚያስተጋባው ድምፅ 500 ኸርዝ አካባቢ ነው፤ 340ን ለአራት ጊዜ 0.17 አካፍሉት። ተራኪ ማንቁርቱን ዝቅ፣ ከንፈሩን ሾል ሲያደርግ ቱቦው ይረዝማል፤ ድምፁ የትልቅ ሰው ይሆናል፤ ፊታውራሪ መጡ። ፈገግ ሲል ቱቦው ያጥራል፤ ወጣት ይሆናል። እጃችሁን ማንቁርታችሁ ላይ አድርጋችሁ የሽማግሌና የሕፃን ድምፅ አውጡ፤ ሲወርድና ሲወጣ በጣታችሁ ይሰማችኋል።

ድምፁስ የማን ነው?

ቃና ሲጀምር የአገር ውስጥ የቴአትርና የፊልም ባለሙያዎች ተቃውሞ አሰምተው ነበር፤ ርካሽ የውጭ ድራማ የእኛን ሥራ ይገድለዋል፣ ባህልም ያበላሻል ብለው። እኔ ሥጋታቸው የሚገባኝ ይመስለኛል፤ አንድን የተሠራ ድራማ መልሶ ማሰማት አዲስ ከመሥራት እጅግ ይቀልላል። ግን ሌላም ነገር አይቻለሁ። አሬሮ ያለችው የአክስቴ ልጅ አማርኛን ከትምህርት ቤት በፊት የያዘችው ከእነዚህ ድራማዎች ነው። አሁን ጥያቄዋ ሌላ ነው፦ «ኩዚ በኦሮምኛ ቢናገር ድምፁ ምን ዓይነት ይሆን ነበር? የቦረና ይሆን የወለጋ?» ቀልድ እንዳይመስላችሁ። ዳቢንግ ሲደረግ አንድ ዘዬ መመረጥ አለበት፤ የማይመረጠው ዘዬ ተናጋሪ የራሱን ቋንቋ እንደ እንግዳ ይሰማል።

ሁለተኛው ጥያቄ ማሽኑ ነው። በጥር 2023 ማይክሮሶፍት የሦስት ሰከንድ ናሙና ብቻ ሰምቶ የአንድን ሰው ድምፅ የሚመስል ንግግር የሚፈጥር ሥርዓት አሳየ። በዚያው ዓመት የአሜሪካ ተዋንያን ማኅበር 118 ቀን ሥራ ሲያቆም ከጥያቄዎቹ አንዱ ይህ ነበር፦ ድምፄንና መልኬን ያለ ፈቃዴ ማሽን ቢጠቀምበትስ? አሜንዶላ ዛሬ ቢኖር ዲኒሮ ራሱ በጣሊያንኛ «ሊናገር» በቻለ ነበር፤ ያኔ የአሜንዶላ እንጀራ የት ይሄዳል?

ለአማርኛ ግን ማሽኑ ገና የሚያስቸግረው ነገር አለ። ፊደላችን መጥበቅና መላላትን አይጽፍም። «ገና» በዓሉ ነው ወይስ «ገና አልመጣም» ያልነው? «ዋና» መዋኘት ነው ወይስ ዋናው? «አለ» ተናገረ ነው ወይስ ይገኛል? ሰው ዓረፍተ ነገሩን አይቶ ያውቃል፤ ኮምፒውተር ግን ተነቦ የተቀረጸ ብዙ አማርኛ ካልተሰጠው ይገምታል። የድምፅ ተዋንያንም ቢሆኑ ወረቀቱን ለመጀመሪያ ጊዜ ሲያዩ ይሳሳታሉ፤ እነሱ ግን ሲሳሳቱ ራሳቸው ይስቃሉና ይደግሙታል።

አሁን ወደ ሻይ ቤቱ። ብሉቱዝ ስፒከር ድምፁን እንደመጣ አያወጣም። ቴሌቪዥኑ ድምፁን ይጨምቀዋል፣ ቆራርጦ በራዲዮ ሞገድ ይልከዋል፤ ስፒከሩ ደግሞ ቢቆራረጥ እንዳያሳፍረው ጥቂት አጠራቅሞ ነው ፈትቶ የሚያሰማው። ይህ ሁሉ ከ100 እስከ 300 ሚሊሰከንድ ይወስዳል። 200 ነው እንበል፤ አምስት ምስል ያህል አለፈ ማለት ነው፤ ቴሌቪዥኑን ከ68 ሜትር ርቀት ላይ ሆኖ እንደማዳመጥ። 125ን አልፏል። ዳቢንግ ደግሞ ከመጀመሪያውም በትዕግሥታችን ጠርዝ ላይ የሚሄድ ሥራ ነው፤ ዜናው ላይ ማንም ያላየው መዘግየት ድራማው ላይ ገደል ሆነ።

አዴን አስፈቅጄ ከሱቅ የ3.5 ሚሊ ሜትር ገመድ ገዛሁና ስፒከሩን ከቴሌቪዥኑ ጋር ቀጥታ አያያዝኩት። ማስታወቂያው አልቆ ድራማው ተመለሰ። ሽማግሌው ጥቂት አዩና፣ «አሁን አፉ ገባለት» አሉ። አዴ ግን ገመዱ በሩ ላይ ተዘርግቶ ሰው ያደናቅፋል ብለው በማግስቱ ነቀሉት።